የባሕር ላይ ሬዲዮ በእንግሊዝ አገር

ሕግ ሕዝብን የሚጠብቅ አጥር ነው፤ ዳሩ ግን አጥሩ ሲጠብ ዘሎ የሚወጣ አይታጣም።

በእንግሊዝ ምድር ቀድሞ ለሬዲዮ ፈቃድ የነበረው ቢ.ቢ.ሲ. ብቻ ነበረ። እርሱም ከሸክላ አሳታሚዎችና ከሙዚቀኞች ማኅበር ጋር ስለ ተዋዋለ፥ የዘፈን ሸክላ የሚያሰማበት ሰዓት የተወሰነ ነበረ። ወጣቶችም የሚወዱትን ዘፈን እንደ ልባቸው አያገኙም ነበር።

መጋቢት 19 ቀን 1956 ዓ.ም.፥ በአውሮፓ አቈጣጠር በ1964 ዓ.ም.፥ ይኸውም በምዕራባውያን ቀዳም ሥዑር፥ ሮናን ኦራሂሊ የሚባል አየርላንዳዊ ካሮላይን ከተባለች መርከብ ዘፈን ማሰማት ጀመረ። መርከቢቱ ከእንግሊዝ የባሕር ወሰን ውጭ ስለ ቆመች የአገሩ ሕግ አልደረሰባትም። ሌሎች መርከቦችም ተከተሏት፤ ስማቸውም የባሕር ወንበዴ ተባለ፤ የሚያደምጣቸው ሕዝብ ግን እጅግ ብዙ ሆነ።

መንግሥትም ያለ ምክንያት አልተቈጣም፤ መርከቦቹ ያልተፈቀደላቸውን የሬዲዮ ሞገድ ይይዙ ነበርና። ስለዚህ ነሐሴ 9 ቀን 1959 ዓ.ም. በጸና ሕግ፥ እንግሊዛዊ ሁሉ በእነርሱ ዘንድ እንዳይሠራ፥ ስንቅም ማስታወቂያም እንዳይሰጣቸው ተከለከለ።

ከአንድ ወር ተኩል በኋላ፥ መስከረም 19 ቀን 1960 ዓ.ም.፥ ቢ.ቢ.ሲ. ራሱ ለወጣቶች ዘፈን የሚያሰማ አዲስ ጣቢያ ከፈተ። በዚያ ፊተኛውን ቃል የተናገረው ቶኒ ብላክበርን ቀድሞ የካሮላይን ሠራተኛ ነበረ። ካሮላይንም ከብዙ ዘመን በኋላ በ2009 ዓ.ም. በምድር ላይ በመካከለኛ ሞገድ እንድታሰማ ፈቃድ ተቀበለች።

እንግዲህ ሕጉ ወንበዴዎቹን ከሰሳቸው፥ ሥራቸውን ግን ወረሰ። የሕዝቡን ጥያቄ አስቀድሞ የሰማ ሹም፥ በኋላ ከማሳደድ ድካም ይድናል።