የባሕር እንብርት፦ ማልስትሮም በካርታ፣ በተረትና በልብወለድ

ሞስክስትራውመን በሰሜን ኖርዌይ፣ በሎፎተን ደሴቶች ጫፍ የሚገኝ ኃይለኛ የባሕር ፍሰት ነው። በሞስከነስ ደሴትና በትንሿ ሞስከን መካከል ባለው ወሽመጥ ውሃው በቀን ሁለት ጊዜ ወደ ውስጥ ይተማል፤ ሁለት ጊዜ ደግሞ ወደ ውጭ ይመለሳል። ዓለም የሚያውቀው ግን ማልስትሮም በሚለው ስሙ ነው። መርከብን ከነባሕረኞቹ የሚውጥ፣ ታች የሌለው ጉድጓድ እየተባለ ለብዙ መቶ ዓመታት የተወራለት ይኸው ቦታ ነው።

ሰው አጠገቡ መኖር የጀመረው ወሬው ከመጻፉ እጅግ ቀደም ብሎ ነው። በሞስከነስ ጫፍ ባለው ኮልሄላረን ዋሻ ግድግዳ ላይ በቀይ ቀለም የተሣሉ ቀጫጭን የሰው ምስሎች አሉ። ዕድሜያቸው 3,000 ዓመት ገደማ ይገመታል። ሠዓሊዎቹ ስለ ፍሰቱ ምን ያስቡ እንደነበር የሚናገር ነገር አልተዉም፤ ጩኸቱን ግን ሳይሰሙት አልቀሩም።

በ8ኛው ክፍለ ዘመን የሎምባርዶችን ታሪክ የጻፈው ጣሊያናዊው መነኩሴ ጳውሎስ ዲያቆን፣ በሰሜን ዳርቻ ባለው ውቅያኖስ በቀን ሁለት ጊዜ ውሃ የሚውጥና መልሶ የሚተፋ አዙሪት እንዳለ፣ ስሙም የባሕር እንብርት እንደሚባል መዝግቧል። የኖርዲክ ሕዝቦች በበኩላቸው ባሕር ለምን እንደሚሽከረከር በወፍጮ ያስረዱ ነበር። ፌንያና ሜንያ የተባሉ ሁለት ግዙፍ ባሪያዎች በመርከብ ላይ ጨው እንዲፈጩ ይታዘዛሉ፤ ጨዉ በዝቶ መርከቧን ያሰጥማታል፤ ውሃው በወፍጮው ዓይን ውስጥ እየወረደ መሽከርከር ይጀምራል፤ ባሕርም ከዚያ ወዲህ ጨዋማ ይሆናል። ይህ ተረት አዙሪቱን የሚያስቀምጠው በሎፎተን ሳይሆን በስኮትላንድ ሰሜናዊ ጫፍ ነው። ሆኖም ማልስትሮም የሚለው የደች ቃል ራሱ የሚፈጭ ጅረት ማለት ነውና ወፍጮው ከስሙ አልወጣም።

ስዊድናዊው የቤተ ክርስቲያን ሰው ኦላውስ ማግኑስ እ.ኤ.አ. በ1539 ቬኒስ ውስጥ ባሳተመው የሰሜን አገሮች የባሕር ካርታ ላይ ሎፎተን አጠገብ ትልቅ ጥምዝምዝ ሥሎ፣ መርከብ ሲዋጥ አሳይቶ፣ አስፈሪዋ ካሪብዲስ ብሎ ጽፎበታል። ካሪብዲስ በሆሜር ኦዲሴይ ውስጥ ባሕሩን በቀን ሦስት ጊዜ የምትመጠው ፍጡር ናት። የግሪክ ተረት በዚህ መንገድ በኖርዌይ ካርታ ላይ ቦታ አገኘ። እ.ኤ.አ. በ1665 ደግሞ ኢየሱሳዊው ምሁር አታናሲዩስ ኪርከር ውሃው ከስካንዲኔቪያ ሥር ባለ ዋሻ አልፎ በቦትኒያ ባሕረ ሰላጤ እንደሚወጣ አስተማረ። ጸሐፊው ከቦታው በራቀ ቁጥር ጉድጓዱም እየጠለቀ ሄደ።

ከሁሉ ይበልጥ ያጠለቀው አሜሪካዊው ኤድጋር አለን ፖ ነው። እ.ኤ.አ. በ1841 ባሳተመው አጭር ልብወለድ፣ አንድ ዓሣ አጥማጅ ከወንድሙ ጋር በጀልባ አዙሪቱ ውስጥ ይገባል። እንደ መስተዋት በለሰለሰው የውሃ ግድግዳ ላይ እየዞረ ሳለ፣ በርሜል ከሌላው ዕቃ ቀስ ብሎ እንደሚወርድ ያስተውላል። ራሱን ከውሃ በርሜል ጋር አስሮ ይዘላል። ከጀልባው አልለቅም ያለው ወንድሙ ይሰጥማል፤ እርሱ ይተርፋል፤ ጥቁር ጸጉሩ ግን በአንድ ቀን ይነጣል። ዡል ቬርንም እ.ኤ.አ. በ1870 ባጠናቀቀው ታዋቂ መጽሐፉ የካፒቴን ኔሞን ሰርጓጅ መርከብ እዚሁ አስገብቶ፣ ተራኪውን በሎፎተን ዓሣ አጥማጅ ጎጆ ውስጥ ያነቃዋል።

እውነተኛው ፍሰት ጉድጓድ የለውም። የባሕር ሙላት በኖርዌይ ዳርቻ ወደ ሰሜን ሲገሰግስ የሎፎተን ተራሮች እንደ ግድብ ይቆሙበታል። በዚህም ከደሴቶቹ ወደ ውስጥ ባለው የቬስትፊዮርድ ባሕርና በውጭው ባሕር መካከል የውሃ ከፍታ ልዩነት ይፈጠራል። ውሃው ልዩነቱን ለማስተካከል የሚያልፍበት ወሽመጥ ደግሞ ጥልቀቱ ከ40 እስከ 60 ሜትር ብቻ ስለሆነ ይፈጥናል። እ.ኤ.አ. በ1997 የኦስሎ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ፍሰቱን በኮምፒውተር ስሌት አስልተው ኔቸር በተባለው መጽሔት አሳትመዋል። የሚታየው አንድ ግዙፍ አዙሪት ሳይሆን እየተፈጠሩ የሚጠፉ ብዙ አዙሪቶች ናቸው።

አደጋው ግን ተረት አይደለም። ፍሰቱ የሚበረታው ጨረቃ ስትወለድና ስትሞላ ነው፤ ነፋስ ፊት ለፊት ሲገጥመው ማዕበሉ ቀጥ ብሎ ይነሣና ይሰበራል። ክፍት የእንጨት ጀልባ ለሚቀዝፍ ሰው ይህ ሞት ነበር። አጥማጆቹ ግን ቦታውን አልተዉትም፤ ፍሰቱ ከታች የሚያወጣው ምግብ ዓሣ ይሰበስባልና። ስለዚህ ውሃው አቅጣጫ ከመለወጡ በፊት የሚያርፍባትን አጭር ጊዜ ጠብቀው ይገቡና ሳትጠናቀቅ ይወጡ ነበር። ከኮልሄላረን ዋሻ አቅራቢያ የነበረችው የሬፍስቪካ መንደር ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ባዶ ቀርታለች፤ የሞተር ጀልባዎች ግን ዛሬም ያችኑ ሰዓት ይጠብቃሉ።