ጅብራ፤ አንድ ጊዜ ብቻ የሚያብበው የተራሮች ብርቅዬ ተክል

ከአዲስ አበባ ንፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማ ወደ ደቡብ ምዕራብ ለሚመለከት የፉሪ ተራራ ጎልቶ ይታያል። ይሁንና ከፍታው 3 ሺህ ሜትር ስለማይሞላ ጅብራ አይበቅልበትም። በሳይንሳዊ መጠሪያው ሎቤሊያ ራይንኮፔታለም የሚባለው ይህ ተክል በዓለም ላይ በኢትዮጵያ ብቻ የሚገኝ ሲሆን፣ መኖሪያውም በሰሜን፣ በጉና፣ በጮቄ፣ በአቡነ ዮሴፍና በባሌ ተራሮች ያለው ድንጋያማ የውርጭ ምድር ነው።

በእነዚህ ከፍታዎች ቀን ፀሐይ ያቃጥላል፤ ሌሊት ውርጭ ይወርዳል። ጅብራ ሲመሽ ረዣዥም ቅጠሎቹን ወደ ውስጥ አጥፎ በመሀል ያለውን ለጋ ቡቃያ ከብርድ ይሸፍናል። ለብዙ ዓመታት እንዲህ ካደገ በኋላ የአበባ ዘንጉን ያወጣል፤ ቁመቱም ከነዘንጉ ከ6 ሜትር ሊበልጥ ይችላል። አበቦቹን ወለላ የሚቀስሙ ወፎች ያዘወትሯቸዋል። በዕድሜው የሚያብበው ግን አንድ ጊዜ ብቻ ነው፤ ዘሩን በትኖ ይደርቃል። ሳያብብ የተቆረጠ ጅብራ እንግዲህ ዘር ሳይተካ ቀረ ማለት ነው።

ከምሳር ይልቅ የሚያሰጋው የአየር ሙቀት መጨመር ይመስላል። ሙቀት ሲበረታ ሌሎች ዕፅዋት ወደ ከፍታ ሊሸሹ ይችላሉ፤ ጅብራ ግን ከወዲሁ ተራራው ጫፍ ላይ ነው። እ.ኤ.አ. በ2016 ኢኮሎጂ ኤንድ ኢቮሉሽን በተሰኘ መጽሔት የታተመ ጥናት፣ በ2080 ለተክሉ ተስማሚ ሆኖ የሚቀረው ከመኖሪያው በአማካይ 3 ነጥብ 4 በመቶው ብቻ እንደሚሆንና ከዘረመል ብዝኃነቱም 82 በመቶው ሊጠፋ እንደሚችል ተንብዮአል። የሚተርፈውም መኖሪያ በአራት የተራራ ጫፎች ላይ የተበታተነ ይሆናል።