የቡድን ዕጣ ሙከራ

የቡድን ዕጣ ሙከራ አንድ መድኃኒት፣ ክትባት ወይም የጤና አገልግሎት መጥቀም አለመጥቀሙን ለማወቅ ዕጣው በየሰው ሳይሆን በመንደር፣ በቀበሌ፣ በትምህርት ቤት ወይም በጤና ጣቢያ የሚወጣበት የጤና ምርምር ዘዴ ነው። ዕጣ የወጣለት መንደር በሙሉ አገልግሎቱን ያገኛል፤ ሌላው መንደር በሙሉ ለማነጻጸሪያ ይቆያል። ቡድኑ በተመራማሪዎች አነጋገር «ክላስተር» ይባላል። በኢትዮጵያ ከተካሄዱት የዚህ ዓይነት ሙከራዎች አንዱ በምሥራቅ ጎጃም ዞን በጎንቻ ሲሶ እነሴ ወረዳ እ.ኤ.አ. በ2006 (በ1998 ዓ.ም.) የተጀመረው «ጣና» የተባለው የትራኮማ ጥናት ነው።

ለምን በቡድን?

በተለመደው የሕክምና ሙከራ ዕጣው የየሰው ነው። ለደም ግፊት የሚሰጥ አዲስ ክኒን ሲሞከር አንዱ ታማሚ ክኒኑን መዋጡ የጎረቤቱን የደም ግፊት አይለውጥም፤ ስለዚህ ሁለቱን ለየብቻ መመደብ ይቻላል። በተላላፊ በሽታ ግን ይህ አይሠራም። ትራኮማ ክላሚዲያ ትራኮማቲስ በተባለ ባክቴሪያ የሚመጣ የዓይን በሽታ ሲሆን በጣት፣ ፊት በሚጠረግበት ጨርቅና በዝንብ ከዓይን ወደ ዓይን ይተላለፋል። አንድ ጋቢ ለብሰው ከሚያድሩ ወንድማማቾች አንዱ ቢታከምና ሌላው ባይታከም፣ የታከመው ከወንድሙ መልሶ ሊያዝ ይችላል፤ ያልታከመው ደግሞ በዙሪያው በሽታውን የሚያስተላልፍ ሰው በመቀነሱ ብቻ ሊጠቀም ይችላል። ሁለቱም ነገሮች በታከመውና ባልታከመው ወገን መካከል ያለውን ልዩነት ያደበዝዛሉ። እንዲህ ያለ ጥናት «መድኃኒቱ አይጠቅምም» ብሎ ቢደመድም ስህተቱ ያለው በዕጣው አወጣጥ ላይ ነው።

አንዳንዱ አገልግሎት ደግሞ ከተፈጥሮው ለሰው በተናጠል የሚታደል አይደለም። አዲስ ሥልጠና የወሰደች የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛ የተማረችውን ለአንዱ ቤት አስተምራ በቀጣዩ ቤት እንዳልተማረች እንድትሆን ማድረግ አይቻልም። የመጸዳጃ ቤት ቅስቀሳም ሆነ የምንጭ ማጎልበት ሥራ የሚደርሰው ለመንደሩ ሁሉ ነው። ከዚህ ላይ ተራው የጉርብትና ወግ አለ፤ ለልጇ ክኒን የተሰጣት እናት ለጎረቤቷ ልጅ ማካፈሏ የሚጠበቅ ነው። ዕጣው በመንደር ሲሆን ይህ ሁሉ በአንድ ወገን ውስጥ ይቀራል።

የጣና ጥናት

ጎንቻ ሲሶ እነሴ ዋና ከተማው ግንደ ወይን የሆነ ወረዳ ሲሆን ያለበት ዞን የሚተዳደረው ከደብረ ማርቆስ ነው። በሰሜን በኩል ከደቡብ ጎንደር የሚለየው ዓባይ ነው። የጥናቱ ስም «ትራኮማን በሰሜን አማራ ማቃለል» ከሚል የእንግሊዝኛ ሐረግ የተውጣጣ ምሕጻር ሲሆን ከጣና ሐይቅ ስም ጋር ይገጥማል፤ ሥራው የተካሄደው ግን ከሐይቁ ርቆ በጎጃም ደጋ ነው። ያካሄዱት በሳን ፍራንሲስኮ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ሥር ያለው የፕሮክተር ፋውንዴሽን፣ የካርተር ማዕከልና የአማራ ክልል ጤና ቢሮ በጋራ ነበር። መድኃኒቱ አዚትሮማይሲን ነው፤ ለትራኮማ መከላከል በዓለም ዙሪያ በነፃ የሚሰጠው ፋይዘር የተባለው ኩባንያ ነው።

የአማራ ክልል በትራኮማ በዓለም ላይ ክፉኛ ከተጠቁት አካባቢዎች አንዱ ነው። በሽታው በልጅነት ደጋግሞ ሲይዝ የዓይን ቆብ ውስጡ ይጠብሳል፤ ከዓመታት በኋላ ቆቡ ወደ ውስጥ ይታጠፍና ሽፋሽፍቱ ብሌኑን እየፋቀ ያሳውራል። ባክቴሪያውን በብዛት የሚሸከሙት ልጆች ናቸው፤ የሚታወሩት ግን በአብዛኛው አዋቂዎች፣ ይልቁንም ልጅ የሚያቅፉ ሴቶች ናቸው።

በዕጣው የገቡት 72 ንዑስ ቀበሌዎች ሲሆኑ ለእያንዳንዱ የጥናት ክፍል 12 ደረሱት። በአንደኛው ክፍል ሰው ሁሉ በዓመት አንድ ጊዜ፣ በሁለተኛው ሰው ሁሉ በዓመት ሁለት ጊዜ ታከመ። በሦስተኛው የታከሙት ልጆች ብቻ ናቸው፤ እነሱም በየሦስት ወሩ። አራተኛው ለማነጻጸሪያ ሆኖ ሕክምናው በአንድ ዓመት ዘገየ። በእነዚህ አራት ክፍሎች ብቻ 66,404 ሰዎች ነበሩ። የቀሩት 24 ንዑስ ቀበሌዎች ሁሉም አንድ ጊዜ መድኃኒት ከተሰጣቸው በኋላ ግማሾቹ ጠንካራ የመጸዳጃ ቤት ቅስቀሳ እንዲደረግላቸው ተመደቡ።

የዕጣው አሃድ ንዑስ ቀበሌ መሆኑ ታስቦበት የተደረገ ነው። ንዑስ ቀበሌ በውስጡ መንግሥታዊ ቡድን የሚባሉ፣ ጥቂት አሥር አባወራዎችን የያዙ መንደሮች አሉት። መድኃኒቱ ለንዑስ ቀበሌው ሁሉ ሲታደል የዓይን ናሙና የሚወሰደው በዕጣ ከተመረጠ አንድ መንግሥታዊ ቡድን ብቻ ነበር። በዙሪያው ያሉት መንደሮች እንደ አጥር ያገለግላሉ፤ በገበያ፣ በቤተ ክርስቲያንና በግጦሽ ቦታ የሚገናኙት ልጆች በአብዛኛው አንድ ዓይነት ሕክምና ያገኙ ይሆናሉ። መንደሮችን አንድ በአንድ በዕጣ መበተን የዕጣውን ቁጥር ያበዛ ነበር፤ ነገር ግን አንዱ መንደር የሌላውን ውጤት ባበላሸው ነበር።

ያልታከሙት አዋቂዎች

እ.ኤ.አ. በ2009 ላንሴት በተባለው የሕክምና መጽሔት የታተመው ውጤት የቡድን ዕጣን ጥቅም በግልጽ ያሳያል። ልጆች ብቻ በየሦስት ወሩ በታከሙባቸው ንዑስ ቀበሌዎች ከ1 እስከ 10 ዓመት ባሉት ልጆች የባክቴሪያው ሥርጭት ከ48.4 በመቶ በአንድ ዓመት ወደ 3.6 በመቶ ወረደ። ይህ የሚጠበቅ ነበር። በነዚሁ መንደሮች አንድም ክኒን ባልዋጡት 11 ዓመትና ከዚያ በላይ በሆኑ ነዋሪዎች ላይ ግን ሥርጭቱ ከ15.5 በመቶ ወደ 8.2 በመቶ ወረደ። የልጆቹ መታከም ወላጆቹን ጠበቀ ማለት ነው። ዕጣው በየሰው ቢወጣ ኖሮ ይህን ማየት አይቻልም ነበር፤ ያልታከመውን ሰው የጠቀመው የመንደሩ መታከም በመሆኑ ለማወዳደር ያልታከመ መንደር ያስፈልጋል።

በዓመት አንዴና በዓመት ሁለቴ መታከም ሲወዳደሩ ደግሞ ከ42 ወራት በኋላ ልዩነታቸው ከቁጥር የሚገባ አልሆነም። በልጆች ላይ ሥርጭቱ በመጀመሪያው ከ41.9 ወደ 1.9 በመቶ፣ በሁለተኛው ከ38.3 ወደ 3.2 በመቶ ወርዷል። በየገደሉና በየሸንተረሩ መድኃኒት ተሸክሞ ለሚዞር ዘመቻ ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ዙሩ በእጥፍ ሲጨምር የሰው ኃይሉና ወጪውም በዚያው ይጨምራል። በኋላ ግን በነዚያው አካባቢዎች ሕክምናው እንዲቆምና እንዲቀጥል ዳግም ዕጣ ሲወጣ፣ በቆመባቸው መንደሮች በሽታው መልሶ አገረሸ። የመጸዳጃ ቤቱ ቅስቀሳ ብዙ ጉድጓድ ቢያስቆፍርም በትራኮማ ሥርጭት ላይ ልዩነት አላሳየም።

ሞትና መድኃኒት የተላመዱ ጀርሞች

ከጥናቱ ያልተጠበቀው ወሬ የመጣው ከዓይን አልነበረም። ቆጣሪዎች በጥናቱ መጀመሪያና ከአንድ ዓመት በኋላ ቤት ለቤት እየዞሩ ነዋሪውን ቆጥረው ነበር። የሁለቱ ቆጠራዎች መዝገብ ሲነጻጸር ከ1 እስከ 9 ዓመት ያሉ ልጆች ሞት ባልታከሙት ንዑስ ቀበሌዎች በዓመት ከ1,000 ልጆች 8.3፣ በታከሙት ደግሞ 4.1 ሆኖ ተገኘ። አዚትሮማይሲን ከትራኮማ ሌላ ለሳንባ ምችና ለአንዳንድ የተቅማጥ በሽታ መንስኤዎችም የሚሠራ በመሆኑ ውጤቱ ከእውነት የራቀ አይመስልም። የስሌቱ እርግጠኝነት ግን የላላ ነበር፤ የሞት ዕድሉ ጥምርታ 0.51 ቢሆንም የመተማመኛ ክልሉ ከ0.29 እስከ 0.90 ይዘረጋል። ቅነሳው ከግማሽ በላይም፣ ጥቂት ብቻም ሊሆን ይችል ነበር ማለት ነው።

ሌላው ግኝት ጉዳቱን ያሳያል። በየሦስት ወሩ በታከሙት መንደሮች በልጆች አፍንጫና ጉሮሮ ውስጥ የሚኖረው ኒሞኮከስ የተባለ ባክቴሪያ ሲመረመር፣ መድኃኒቱን የተላመደ ባክቴሪያ የተገኘባቸው ልጆች ድርሻ በአንድ ዓመት ከ3.6 ወደ 46.9 በመቶ አሻቅቦ ነበር። በዚያው ጊዜ ባልታከሙት መንደሮች 9.2 በመቶ ነበር። መድኃኒት የተላመደ ጀርምም እንደ ትራኮማው ከልጅ ወደ ልጅ ይሻገራል፤ ስለዚህ ጥቅሙንና ጉዳቱን በአንድ ሚዛን ለማየት መለኪያው መንደሩ መሆን ነበረበት።

የመመሳሰል ዋጋ

የቡድን ዕጣ በነፃ አይገኝም። የአንድ መንደር ልጆች ከአንድ ምንጭ ይቀዳሉ፣ በአንድ ዝንብ ይወረራሉ፤ ስለዚህ በበሽታም ይመሳሰላሉ። የአንዱን ሁኔታ ያወቀ የሌላውንም በከፊል ያውቃልና፣ ከአንድ መንደር የሚወሰድ ተጨማሪ ልጅ የሚጨምረው አዲስ መረጃ ትንሽ ነው። ይህ መመሳሰል ከ0 እስከ 1 ባለ ቁጥር ይለካል። ከየመንደሩ የሚመረመሩት ልጆች ቁጥር ላይ 1 ቀንሶ፣ በመመሳሰሉ ቁጥር አባዝቶ፣ 1 መደመር ጥናቱ በየሰው ዕጣ ከሚደረግ ጥናት ስንት እጥፍ ሰው እንደሚፈልግ ይነግራል። ውጤቱ «የንድፍ ተጽዕኖ» ይባላል።

ለምሳሌ ያህል በ12 መንደሮች ከየመንደሩ 50 ልጆች ቢመረመሩና የመመሳሰሉ ቁጥር 0.1 ቢሆን የንድፍ ተጽዕኖው 5.9 ይሆናል። 600ዎቹ ልጆች ያላቸው የመረጃ ክብደት የ102 ያህል ልጆች ብቻ ነው። ከየመንደሩ 100 ልጆች መርምሮ ቁጥሩን 1,200 ማድረስ ክብደቱን ወደ 110 ብቻ ያሳድገዋል። ያንኑ 1,200 ልጅ ከ24 መንደሮች 50፣ 50 አድርጎ መውሰድ ግን ወደ 203 ያደርሰዋል። ገንዘብ ያለው ተመራማሪ መንደር ይጨምራል እንጂ በያንዳንዱ መንደር ልጅ አያበዛም። አሜሪካዊው የስታቲስቲክስ ሊቅ ጀሮም ኮርንፊልድ እ.ኤ.አ. በ1978 በቡድን ዕጣ አውጥቶ እንደ የሰው ዕጣ ማስላት ራስን ማታለል መሆኑን አስጠንቅቆ ነበር። እንዲህ ያለው ስሌት የሌለ ልዩነት ያለ ያስመስላል፤ ዛሬም በተማሪዎች የመመረቂያ ጽሑፎች ሳይቀር የሚታይ ስህተት ነው።

ፈቃድና ፍትሕ

በየሰው ዕጣ ሙከራ ተሳታፊው ከዕጣው በፊት ይጠየቃል። በቡድን ዕጣ ግን ዕጣው ሲወጣ አብዛኛው ነዋሪ ገና አልተጠየቀም፤ ቀድመው የሚነጋገሩት የወረዳና የቀበሌ ኃላፊዎች ናቸው። ክኒን አልዋጥም የሚል ሰው መተው ይችላል። በመንደሩ ግድግዳ ላይ የተለጠፈን ትምህርት ወይም የተሻሻለን የጤና ጣቢያ አሠራር ግን አልፈልግም ብሎ መሸሽ ያስቸግራል። እ.ኤ.አ. በ2012 የወጣው የኦታዋ መግለጫ የተባለ መመሪያ የአካባቢ መሪ ፈቃድ የነዋሪውን ፈቃድ እንደማይተካ ይደነግጋል።

ከባዱ ጥያቄ የማነጻጸሪያው ወገን ነው። በጎንቻ ሲሶ እነሴ የ12 ንዑስ ቀበሌዎች 18,498 ነዋሪዎች ጎረቤቶቻቸው ሲታከሙ አንድ ዓመት ጠብቀዋል። የተለመደው መከራከሪያ መድኃኒቱ በአንድ ጊዜ ለሁሉም የማይደርስ ከሆነ ተራውን በዕጣ መወሰን ለባለሥልጣን ቅርብ ለሆነው ከመስጠት ይሻላል የሚል ነው። የሞቱ ውጤት ከታወቀ በኋላ ግን ይህ መከራከሪያ ቀድሞ እንደነበረው ቀላል አይደለም፤ ጥናቱ ሲጀመር ማንም ያላወቀው የመዘግየት ዋጋ በጥናቱ ራሱ ተለክቷልና።

ከጎጃም ውጭ

በትግራይ እናቶች የወባ መድኃኒት በቤታቸው እንዲሰጡ ማሠልጠን በጣቢያዎች መካከል በወጣ ዕጣ ተፈትኖ ከአምስት ዓመት በታች ያሉ ልጆችን ሞት በ40 በመቶ እንደቀነሰ እ.ኤ.አ. በ2000 ታትሟል። በዋግ ኽምራ በ40 የገጠር መንደሮች የውኃ፣ የመጸዳጃና ፊት የመታጠብ ትምህርት በትራኮማ ኢንፌክሽን ላይ ለውጥ እንዳላመጣ በ2022 ተዘግቧል፤ ውጤቱ በጎንቻ ከታየው የመጸዳጃ ቤት ሙከራ ጋር ይስማማል።

የጎንቻው የሞት ግኝት በሌላ ቦታ በሰፊው ተፈትኗል። «ሞርዶር» የተባለው ሙከራ በኒጀር፣ በማላዊና በታንዛኒያ 1,533 ማኅበረሰቦችን በዕጣ ከፍሎ ከ1 እስከ 59 ወር ላሉ ሕፃናት በዓመት ሁለት ጊዜ አዚትሮማይሲን ወይም መድኃኒትነት የሌለው ፈሳሽ ሰጠ። እ.ኤ.አ. በ2018 በወጣው ውጤት ሞት በ13.5 በመቶ ቀንሶ ነበር፤ በኒጀር ብቻ ቅነሳው 18.1 በመቶ ነው። ቅነሳው ጎንቻ ላይ ከታየው በጣም ያነሰ ቢሆንም ከብዙ መቶ መንደሮች የተገኘ በመሆኑ ይበልጥ የሚታመን ነው። የዓለም ጤና ድርጅት በ2020 ባወጣው መመሪያ መድኃኒቱ የሕፃናት ሞት በጣም ከፍተኛ በሆነባቸው አካባቢዎች ብቻ፣ የጀርሞችን መላመድ በቅርብ እየተከታተሉ እንዲታሰብበት ፈቅዷል።