አበዳሪን ማን ይጠይቀዋል? ፈቃድ፣ ፖሊስና ዳኛ በሁለት አገር

በታኮማ ፓርክ ኢስተርን አቬኑን የሚሻገር ሰው በጥቂት እርምጃ ከዋሽንግተን ዲሲ ሕግ ወጥቶ በሜሪላንድ ሕግ ሥር ይገባል። ለመንገደኛው ይህ ምንም ማለት አይደለም። ለአበዳሪ ግን እንዲህ ያለው ወሰን ነጋዴን ከወንጀለኛ የሚለይ መሥመር ሊሆን ይችላል፤ በአንድ ወቅትም ሆኖ ነበር።

የአሜሪካ ኮንግረስ እ.ኤ.አ. በ1913 ለዋሽንግተን ባወጣው ሕግ፣ በዓመት ከ6 በመቶ በላይ ወለድ የሚያስከፍል አበዳሪ ፈቃድ እንዲያወጣ፣ ፈቃድ ያወጣውም በወር ከ1 በመቶ እንዳያልፍ ደነገገ። ሆርኒንግ የተባለ በመያዣ የሚያበድር ነጋዴ ሕጉ ሊወጣ መሆኑን አይቶ ጽሕፈት ቤቱን ከድልድዩ ማዶ ወደ ቨርጂኒያ አዛወረ። የመያዣ ዕቃ ማከማቻው ግን ከተማው ውስጥ ቀረ። ተበዳሪዎችን ከማከማቻው በነፃ አውቶሞቢል ያመላልስ ነበር፤ መሄድ ያልፈለጉትም በዚያው ሕንፃ በ10 ሳንቲም የሚላክ መልእክተኛ ያገኙ ነበር። የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1920 የጥፋተኝነት ውሳኔውን በ5 ለ4 ድምፅ አጸና። ከተቃወሙት አንዱ ዳኛ ብራንዳይስ ነበሩ፤ ቅሬታቸውም የሥር ፍርድ ቤቱ ዳኛ የጁሪውን ሥልጣን ተጋፍተዋል የሚል እንጂ ሰውዬው ንጹሕ ነው የሚል አልነበረም።

ሕጉ ያሰበውን ለማግኘቱ ማስረጃ የሚሆነው ግን ፍርዱ ሳይሆን ድልድዩ ነው። ትርፍ የማይገኝበት ፈቃድ ማንንም አይጠብቅም፤ ብድሩን ወደ ማዶ ያሻግረዋል እንጂ። የራስል ሴጅ ፋውንዴሽን በ1916 ለክፍለ ግዛቶች ያዘጋጀው አርአያ ሕግ ከዚህ የተለየ ስምምነት አቀረበ፦ እስከ 300 ዶላር በሚደርስ ብድር ላይ በወር 3.5 በመቶ ወለድ ተፈቀደ። በምላሹ አበዳሪው ፈቃድ ያወጣል፤ መዝገቡንም ለመንግሥት ተቆጣጣሪ ይከፍታል።

የአሜሪካ የፌዴራል ባንኮች ከለላ ደግሞ ከዚህ ይጠብቃል። ከ1864 ጀምሮ የባንኩን መዝገብ የመመርመር ሥልጣን በመሠረቱ የፌዴራሉ ተቆጣጣሪ ነው። በ2009 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በኒው ዮርክ ጠቅላይ ዐቃቤ ሕግ ጉዳይ ላይ የሰጠው ፍርድ ወሰኑን በግልጽ አስቀመጠ። ዐቃቤ ሕጉ በራሱ ትእዛዝ የባንክን መዝገብ ሊያስቀርብ አይችልም፤ ክስ መሥርቶ ዳኛ ፊት ቢቀርብ ግን የክፍለ ግዛቱን ሕግ ማስከበር ይችላል። ከለላው ከሕግ በላይ አያደርግም፤ ማን፣ በየትኛው በር፣ ምን ይዞ እንደሚገባ ይወስናል።

ወደ አገር ቤት ስንመለስ፣ የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ የብድር ወለድን በዓመት በ12 በመቶ ገድቦት ነበር። ከዚያ የዘለለውን ሕዝቡ አራጣ ይለዋል፤ የ1996ቱ የወንጀል ሕግም ተበዳሪውን በችግሩ ተጠቅሞ የሚመዘብርን አበዳሪ በአንቀጽ 712 ይቀጣል። ፈቃድ ላላቸው ግን የተለየ መንገድ ተጠረገ። የባንክ ሥራ ፈቃድ አዋጅ በ1986 ዓ.ም.፣ የአነስተኛ ብድር ተቋማት አዋጅ በ1988 ዓ.ም. ወጡ። በ1990 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 97 ደግሞ ባንኮች በውላቸው መሠረት የመያዣ ንብረትን ያለ ፍርድ ቤት በሐራጅ እንዲሸጡ ፈቀደ። ይህ ከባድ ሥልጣን ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 3060 ለማንኛውም አበዳሪ የከለከለውን ለባንክ ሰጥቷል።

አበዳሪው በተበዳሪው ላይ እንዲህ ሲበረታ፣ ከመርማሪ የሚጠብቀው በር ግን አብሮ አልተሠራም። በግንቦት 1993 ዓ.ም. የፀረ ሙስና ኮሚሽን ተቋቋመ፤ ብዙም ሳይቆይ በሙስና ተጠርጥሮ የተያዘ ሰው ዋስትና እንዳያገኝ በሕግ ተከለከለ። በዚያው ዘመቻ ከታሰሩት መካከል የኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ኃላፊዎች ነበሩ። እነዚያ ክሶች መሠረት ነበራቸው ወይስ አልነበራቸውም የሚለው የየመዝገቡ ጉዳይ ነው። ለፖሊሲ አውጪ የሚከብደው ሌላ ነው፦ ብድር የፈቀደ ሠራተኛ ከዓመታት በኋላ ያለ ዋስትና ሊታሰር ይችላል፤ የከለከለን ግን ማንም አይጠይቀውም። እንዲህ ባለ ሚዛን ፊት የብድር ኮሚቴ አባል ፊርማውን ቢያዘገይ ማን ይፈርድበታል? የባሰው ደግሞ የተበላሸ ብድርና የተሰረቀ ብድር በመርማሪው ዓይን መመሳሰላቸው ነው። ልዩነቱን ለማየት የባንክ ሥራ ዕውቀት ያስፈልጋል፤ እርሱም የሚገኘው ከፖሊስ ጣቢያ ይልቅ በብሔራዊ ባንክ ተቆጣጣሪዎች ዘንድ ነው።

በ2011 ዓ.ም. ምክር ቤቱ ባጸደቀው ማሻሻያ የውጭ ዜግነት ያላቸው ትውልደ ኢትዮጵያውያን የባንክ አክሲዮን እንዲገዙ ተፈቀደ፤ በታኅሣሥ 2017 ዓ.ም. ደግሞ የውጭ ባንኮች ወደ አገሪቱ እንዲገቡ የሚፈቅደው ሕግ ጸደቀ። ከሲልቨር ስፕሪንግም ሆነ ከአሌክሳንድሪያ ገንዘቡን ወደዚያ የሚልክ ባለአክሲዮን ስለ ትርፍ ድርሻ ከመጠየቁ አስቀድሞ የሚጠይቀው አለ፦ ፖሊስ የብድር መዝገብ ሲፈልግ መጀመሪያ የሚያንኳኳው የብሔራዊ ባንክን፣ የፍርድ ቤቱን ወይስ የቅርንጫፉን ሥራ አስኪያጅ በር ነው?