ሙት ወቃሽነትና ሲኒማ፤ ስለ ግሪኮችና ስለ ፋርሶች ጦርነት

በአገራችን አንድ ሰው የሞተን ሰው ጉድለት ለመናገር ሲነሣ አስቀድሞ «ሙት ወቃሽ አያድርገኝ» ይላል። ይህን ማለቱ የሞተ ሰው ተነሥቶ መልስ ሊሰጥ ስለማይችል ነው። በሕይወት ያለ ሰው ቢታማ ይሟገታል፤ ምስክር ይቈጥራል፤ ዳኛ ፊት ይቆማል። የሞተው ግን ስሙን ለሚያነሡት ሰዎች ኅሊና አደራ ሰጥቶ ከመተኛት በቀር ሌላ ጠበቃ የለውም። ይህ አደራ ስለ አንድ ሰው ብቻ ሳይሆን ስለ ሕዝብም የሚሠራ ይመስለኛል። ከሁለት ሺህ አምስት መቶ ዓመት ያህል በፊት ስለ ተዋጉት ግሪኮችና ፋርሶች የተሠሩትን ፊልሞች ስመለከት የሚታሰበኝ ይህ ነው።

ነገሩን ከመሠረቱ እናንሣው። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ490 ዓመት የፋርስ ንጉሥ ዳርዮስ የላከው ጦር በማራቶን ሜዳ በአቴና ሰዎች ተሸነፈ። ዐሥር ዓመት ቆይቶ፣ በ480፣ የዳርዮስ ልጅ ክሴርክስስ ራሱ ዘመተ። ብዙ ሊቃውንት እንደሚሉት ይህ ክሴርክስስ በመጽሐፈ አስቴር አርጤክስስ ተብሎ የተጠራው ንጉሥ ነው፤ ስለዚህ ለኢትዮጵያ አንባቢ ፈጽሞ እንግዳ አይደለም። ከግሪክ ከተሞች አንዳንዶቹ ገበሩለት፤ ሌሎቹ ተባብረው ቴርሞፒሌ በተባለው ጠባብ በር ላይ ሊቋቋሙት ወሰኑ። በሩን በአንድ ወገን ተራራ፣ በሌላው ወገን ባሕር ይዞት ነበር፤ ዛሬ ግን ወንዝ ያመጣው ደለል ባሕሩን ገፍቶ ስላራቀው፣ ስፍራውን የሚጐበኝ ሰው ጦርነቱ እንዴት እንደ ሆነ ለመገመት ይቸገራል። የስፓርታ ንጉሥ ሌዎኒዳስ ሰባት ሺህ የሚያህል የተባበረ ጦር ይዞ ሁለት ቀን መከተ። ከዚያም ኤፊያልቴስ የተባለ የዚያው አውራጃ ሰው በተራራው ላይ የሚያልፈውን ስውር መንገድ ለፋርሶች ስላሳያቸው፣ በሦስተኛው ቀን ዞረው ከበቡት። ሌዎኒዳስ የሚበዛውን ጦር አሰናብቶ ከቀሩት ጋር ተዋግቶ ወደቀ። በዚያው ዓመት ግሪኮች በሳላሚስ ባሕር ላይ፣ በማግሥቱም ዓመት በ479 በፕላቴያ ሜዳ ላይ ድል አደረጉ።

ይህን ታሪክ ከሁሉ አብልጦ ያቈየልን ሄሮዶቱስ የተባለው የግሪክ ጸሐፊ ነው። ሲኒማም ደጋግሞ አንሥቶታል። እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1962 ሩዶልፍ ማቴ የተባለው ዲሬክተር ስለ ሦስት መቶዎቹ ስፓርታውያን አንድ ፊልም እዚያው ግሪክ አገር ሠራ፤ የግሪክ መንግሥትም ወታደሮቹን ስላዋሰው በፊልሙ ላይ ተሰልፈው ይታያሉ። ይህን ፊልም በልጅነቱ ያየው ፍራንክ ሚለር የተባለው አሜሪካዊ ሠዓሊ በ1998 ታሪኩን በሥዕል እየተረከ አሳተመው። ከዚያም ዛክ ስናይደር የሥዕሉን መጽሐፍ ተከትሎ «300» የተባለውን ፊልም አዘጋጀና በ2007 በየአገሩ ታየ። እነሆ የፊልሙ ልጅ መጽሐፍ፣ የመጽሐፉም ልጅ ሌላ ፊልም ሆነ። ሄሮዶቱስ ይህን የልጅ ልጁን በመንገድ ቢያገኘው የማን ልጅ ነህ ብሎ የሚጠይቀው ይመስለኛል።

ጥቃቅኑን ስሕተት አልቈጥርም። በ«300» ውስጥ የስፓርታ ጦረኞች ደረታቸውን ገልጠው ቀይ ካባ ብቻ ደርበው ይዋጋሉ። እውነተኛው የግሪክ እግረኛ ግን የራስ ቁርና ጥሩር ለብሶ፣ ከእንጨት የተሠራና ነሐስ የተለበጠ ትልቅ ክብ ጋሻ ይይዝ ነበር። ኀይሉም በአጠገቡ ያለውን ጓደኛውን በጋሻው እየሸፈነ ትከሻ ለትከሻ ገጥሞ በመቆሙ ነበር እንጂ፣ ፊልሙ እንደሚያሳየው ለየብቻው እየዘለለ በመፎከሩ አልነበረም። በፋርስ ጦር ውስጥ አውራሪስና ዝሆን ይታያል፤ ሄሮዶቱስ ግን ግመል እንደ ነበረ ይናገራል እንጂ ክሴርክስስ ዝሆን ይዞ ግሪክ እንደ ገባ አልጻፈም። ይህን የመሰለው ነገር ተመልካችን ለማስደነቅ የተጨመረ ቅመም ነው። ቅመም የበዛበት ወጥ ሆድ ቢያቃጥል እንጂ ሰው አይገድልም።

የሚከብደው ሌላው ነው። በመጨረሻው ቀን ከሌዎኒዳስ ጋር የቀሩት ስፓርታውያን ብቻ አልነበሩም። ቴስፒያ ከምትባል ትንሽ ከተማ የመጡ 700 ሰዎች ከአለቃቸው ከዴሞፊሎስ ጋር በፈቃዳቸው ቀርተው አብረው ሞቱ። ስፓርታ 300 ሰው ቢሞትባት ሌሎች በሺህ የሚቈጠሩ ጦረኞች ነበሯት፤ ለቴስፒያ ግን 700 ሰው ማለት ጋሻ መያዝ ከሚችለው ወንዷ የሚበዛው ሳይሆን አይቀርም። የፋርስም ጦር አልፎ ሄዶ ከተማቸውን አቃጠላት። ለሌዎኒዳስ በስፍራው ሐውልት የቆመለት በ1955 ሲሆን፣ የቴስፒያ ሰዎች ግን የራሳቸውን ሐውልት ለማግኘት እስከ 1997 ድረስ መጠበቅ ነበረባቸው። የፊልሙን ስም 300 ያለ ሰው 700ውን ባይጠቅስ ምን ይደረግለታል?

ደግሞም ፊልሙ በስፓርታውያን አፍ ስለ ነጻነት ብዙ ይናገራል። ስፓርታ ግን የምትኖረው ሄሎት በሚባሉ ገባሮች ላብ ነበር። ጌታው ጦር ሲማር ገባሩ ያርሳል፤ ጌታው ሲዘምት ገባሩ ስንቅ ተሸክሞ ይከተላል። ፕሉታርክ የተባለው ጸሐፊ እንደ ተረከው፣ የስፓርታ ሹማምንት በየዓመቱ ሥልጣን ሲይዙ በሄሎቶች ላይ ጦርነት ያውጁ ነበር፤ ይህንም የሚያደርጉት ሄሎት የገደለ ሰው የደም ዕዳ እንዳይኖርበት ብለው ነው። በፕላቴያ ከ5,000 ስፓርታውያን ጋር 35,000 ሄሎቶች፣ ማለት ለአንድ ጌታ ሰባት ሰባት ገባር፣ እንደ ተሰለፉ ሄሮዶቱስ ጽፏል። በቴርሞፒሌ ከወደቁት ሬሳዎች መካከልም የሄሎቶች እንደ ነበሩ አልሸሸገም። በሲኒማው ውስጥ ግን አንድም ሄሎት አይታይም። የሌዎኒዳስ ጀግንነት እውነት ነው፤ ማንም ሊነሣው አይችልም። ነገር ግን ጀግንነቱን ለማሳመር ሲባል ስንቁን የተሸከመለትን ሰው ከመሬት ገጽ ማጥፋት፣ ለሙት የቀረውን የመጨረሻ ነገር፣ ማለት ነበርኩ የማለትን መብት፣ መንጠቅ ነው።

ወደ ፋርሶች እንመለስ። በ«300» ንጉሣቸው ጢም የሌለው፣ መላ ሰውነቱን በወርቅ ሰንሰለትና ቀለበት የበሳ ግዙፍ ፍጥረት ነው። ሕያዋን የተባሉት የክብር ዘበኞቹ የብረት ጭንብል ያጠለቁ፣ ጭንብሉም ሲወልቅ የአውሬ ፊት ያላቸው ናቸው። በፐርሴፖሊስ ቤተ መንግሥት ድንጋይ ላይ የተቀረጹት ነገሥታት ግን ጢማቸው የተበጠረ፣ ልብሳቸው እስከ እግራቸው የወረደ ባለ ግርማ ሰዎች ናቸው። ሕያዋን የተባሉትም ከመካከላቸው አንዱ ሲሞት ሌላ ወዲያው እየተተካ ቍጥራቸው ከ10,000 ስለማይጐድል ነው እንጂ አስማት ስላለባቸው አይደለም። በ1933 በፐርሴፖሊስ ከተገኙት የሸክላ ጽላቶች እንደ ተነበበው፣ የመንግሥቱ ጸሐፊዎች ለሠራተኛው የሚሰፈረውን ገብስና ወይን ጠጅ ያስመዘግቡ ነበር፤ ለወለደች ሴት ሠራተኛ ተጨማሪ ቀለብ ይቈረጥላት ነበር። ይህ የአውሬ መንግሥት ሥራ አይደለም። ፊልሙ በታየበት ዓመት የኢራን መንግሥት ባለ ሥልጣኖች ቢቈጡ የሚያስደንቅ ነገር አልነበረም።

እዚህ ላይ እኛንም የሚነካ ነገር አለ። ሄሮዶቱስ የክሴርክስስን ሠራዊት በየነገዱ ሲዘረዝር ኢትዮጵያውያንን ይጠቅሳል። ያን ጊዜ ግሪኮች ኢትዮጵያ የሚሉት ከግብፅ በስተደቡብ ያለውን የጥቁሮችን አገር በጠቅላላው ነው። እነዚህ ሰዎች የነብርና የአንበሳ ቆዳ ለብሰው፣ ከዘንባባ የተሠራ ረጅም ቀስት ይዘው፣ ወደ ውጊያ ሲገቡ ገላቸውን እኩሌታውን በነጭ እኩሌታውን በቀይ ቀለም ይቀቡ እንደ ነበረ ይተርካል። በአድናቆት ይተርካል እንጂ አያፌዝባቸውም። በ«300» ግን ከክሴርክስስ ተልኮ ወደ ስፓርታ የመጣው መልእክተኛ ጥቁር ሰው ነው፤ ሌዎኒዳስም በእግሩ ረግጦ ከነተከታዮቹ ወደ ጕድጓድ ይጥለዋል። በየሲኒማ ቤቱ ወጣቱ ከሁሉ ይልቅ የሚያጨበጭበው ለዚህ ትርኢት ነው። ወጣት አንባቢ ሆይ፣ ያጨበጨብህለት ምን እንደ ሆነ ታውቃለህን?

እውነተኛው ታሪክ እንዲህ ነው። ጕድጓድ ውስጥ የተጣሉት መልእክተኞች የክሴርክስስ ሳይሆኑ ከማራቶን በፊት ዳርዮስ የላካቸው ነበሩ። መገበራችሁን ለማሳየት አፈርና ውሃ ስጡ ቢሏቸው፣ አፈሩንም ውሃውንም ከዚያ ውሰዱ ብለው ስፓርታውያን ከጕድጓድ ጣሏቸው፤ አቴናውያንም በከተማቸው የነበሩትን እንዲሁ አደረጉ። ነገር ግን ስፓርታውያን በዚህ አልኰሩም፤ አፈሩበት። ከዚያ ወዲያ መሥዋዕታቸው ሁሉ እየከፋ ስለ ታያቸው፣ የመልእክተኛ ደም ያመጣብን ቍጣ ነው ብለው ሕዝቡን ሰብስበው ለአገሩ የሚሞት ማን ነው ብለው ጠየቁ። ስፔርቲያስና ቡሊስ የተባሉ ሁለት የጨዋ ልጆች፣ ሀብትም የነበራቸው፣ እኛ አለን አሉ። ስለ ሞቱት መልእክተኞች ካሣ እንዲገደሉ ወደ ፋርስ ተላኩ፤ ሱሳ ደርሰውም በክሴርክስስ ፊት ቆሙ። ክሴርክስስ ግን አልገደላቸውም። ስፓርታውያን መልእክተኛ ገድለው የሰውን ልጅ ሁሉ ሕግ አፈረሱ፤ እኔ የነቀፍሁባቸውን ሥራ ራሴ አልሠራም፤ እናንተንም ገድዬ እነሱን ከበደላቸው ነጻ አላወጣም የሚል መልስ ሰጥቶ በሰላም አሰናበታቸው። ይህን የጻፈው ፋርሳዊ አይደለም፤ ግሪካዊው ሄሮዶቱስ ነው። በዚህ ታሪክ ውስጥ ግሪኩም ፋርሱም ሁለቱም ትልቅ ሰዎች ሆነው ይታያሉ፤ የመጀመሪያው በደሉን አምኖ፣ ሁለተኛው ቂሙን ትቶ። ፊልሙ ከዚህ ሁሉ መርጦ የወሰደው እርግጫውን ብቻ ነው።

በ2014 የወጣው ተከታዩ ፊልም ደግሞ ከዚህም ይብሳል። ዳርዮስ በማራቶን በቴሚስቶክለስ ፍላጻ ተመትቶ ይሞታል፤ ዳርዮስ ግን ማራቶንን በዐይኑ አላየም፤ የሞተውም ከአራት ዓመት በኋላ በ486 ነው። አርቴሚስያ የተባለችው ሴት በቀል ያሳበዳት ነፍሰ ገዳይ ትሆንና በሳላሚስ ትሞታለች። እውነተኛዋ አርቴሚስያ የሐሊካርናሶስ ገዥ፣ በትውልዷም የግሪክ ወገን ስትሆን፣ በፋርስ በኩል መርከቦቿን ራሷ እየመራች ዘመተች። በሳላሚስ እንዳይዋጋ ንጉሡን የመከረችው እሷ ብቻ ነበረች፤ ከጦርነቱም በሕይወት ወጥታ የክሴርክስስን ልጆች በመርከብ ወደ ኤፌሶን ወሰደች። ጦርነቱ ግሪክ ከፋርስ ብቻ ሳይሆን ግሪክም ከግሪክ የተዋጋበት እንደ ነበረ ከእሷ የበለጠ ምስክር የለም። ሲኒማው ግን ይህን ምስክር ገደላት።

ዲሬክተር ሁሉ እንዲህ ነው ማለቴ አይደለም። ኦሊቨር ስቶን በ2004 ስለ ታላቁ እስክንድር ፊልም ሲሠራ ሮቢን ሌን ፎክስ የተባለውን የኦክስፎርድ የታሪክ መምህር አማካሪ አደረገ፤ መምህሩም በፈረሰኞቹ መካከል ፈረስ ጋልቦ ገብቷል። በ331 የተደረገው የጋውጋሜላ ጦርነት በዚያ ፊልም ላይ፣ ረጃጅሙ የመቄዶንያ ጦር፣ አቧራው፣ የፈረሰኛው ዙረት፣ ከሌሎቹ ሁሉ ይልቅ ወደ እውነት የቀረበ ነው። ያም ቢሆን እስክንድር ከማሎይ ሰዎች ከተማ ግንብ ላይ ዘሎ ገብቶ የቈሰለውን ቍስል፣ ከዚያ በፊት ዝሆን ከተሰለፈበት ጦርነት ጋር አቀላቅሎታል። ሦስት ሰዓት በሚያህል ጊዜ የአንድን ሰው ዕድሜ ለመጠቅለል እንዲህ ያለው ማጠፍ ግድ ይሆናል፤ ማንንም አያዋርድምና ይቅር ይባላል።

የሲኒማ ጠበቆች፣ ሄሮዶቱስስ አልዋሸምን ይላሉ። የክሴርክስስን እግረኛ 1,700,000፣ ተከታዩን ሁሉ ጨምሮ ከአምስት ሚሊዮን በላይ ነው ማለቱ እውነት ነው፤ ይህን የዛሬ ሊቅ የሚቀበለው የለም፤ ያን ያህል ሰው ውሃ የሚያጠጣ ወንዝ በዚያ መንገድ አይገኝምና። ነገር ግን ሄሮዶቱስ ጠላቱን አበዛው እንጂ አላጐደፈውም። ደግሞም ፋርሶች ስለዚህ ዘመቻ የጻፉት ታሪክ ወደ እኛ ስላልደረሰ፣ የእነሱን ነገር የምናውቀው ከጠላቶቻቸው አፍ ነው። ከጠላት አፍ የወጣውን ምስጋና ሲኒማ ወደ ስድብ ሲለውጠው ማን ይፍረድ?

አርት እንደ ፈለገ ይፍጠር ለሚሉት ደግሞ ኤስኪሉስን እጠቅስላቸዋለሁ። ኤስኪሉስ አቴናዊ ነው። በማራቶን ተዋግቷል፤ ወንድሙ ኪኔጌይሮስ እዚያው የፋርስን መርከብ በእጁ ሲይዝ እጁ ተቈርጦ ሞቷል። በሳላሚስም እንደ ተዋጋ ይነገራል። ከሳላሚስ ስምንት ዓመት በኋላ፣ በ472፣ «ፋርሶች» የተባለውን ተውኔት ጻፈ፤ እስከ ዛሬ ሳይጠፉ ከቈዩት የግሪክ ተውኔቶች ሁሉ የሚቀድመው እሱ ነው። ታሪኩን ያኖረው በአቴና ሳይሆን በጠላት ቤተ መንግሥት፣ በሱሳ ነው። ልጅዋን የምትጠብቅ ንግሥት፣ የወጣቶቻቸውን ሞት የሚያለቅሱ ሽማግሌዎች፣ ልብሱን ቀዶ የሚመለስ ንጉሥ ይታዩበታል። ኤስኪሉስም ፈጠራ አልጐደለውም፤ ዳርዮስን ከመቃብር አስነሥቶ ያናግረዋል። በመድረኩ ላይ ግን አንድም አውሬ የለም።

የዝግጅቱን ወጪ የቻለው ገና ወጣት የነበረው ፔሪክለስ ነው። ተመልካቾቹ ፋርሶች ከተማቸውን ባቃጠሉ ጊዜ ሚስትና ልጅ በመርከብ ያሸሹ ሰዎች ነበሩ፤ የቤተ መቅደሶቻቸውም ፍርስራሽ ገና አልታደሰም ነበር። ለጠላቶቻቸው ሲለቀስ ተቀምጠው አዩና በዚያ ዓመት ውድድር የአንደኝነቱን ሽልማት ለኤስኪሉስ ሰጡት።