እግር የሌለው ፕሮሰሰር

በ1999 ዓ.ም. አሜሪካ የሚኖር የአክስቴ ልጅ በሰው እጅ አንድ ፕሮሰሰር ላከልኝ። “ኮምፒዩተሬ ተንቀራፈፈብኝ አላልክም? ይሄን አስገጥምበት” ይላል መልእክቱ። ከእንጦጦ ግርጌ፣ ከፈረንሳይ ለጋሲዮን፣ ሲፒዩዬን ተሸክሜ መገናኛ ወረድኩ። (ሲፒዩ ስል ቆርቆሮውን ሣጥን ማለቴ ነው፤ እኛ አገር የአንጎሉ ስም ለሣጥኑ ተሰጥቶ ቀርቷል።) ጠጋኙ ልጅ ዕቃውን ገልበጥ አድርጎ አየና “ጋሼ፣ ይሄኮ እግር የለውም” አለኝ።

እውነቱን ነው። የኔ ማሽን ሶኬት 478 ቀዳዳዎች ነበሩት፤ የመጣልኝ ደግሞ ከሥሩ 775 ጠፍጣፋ ነጥቦች ብቻ። ሁለቱም ፔንቲየም 4 ይባላሉ።

ኢንቴል እ.ኤ.አ. በ1971 ያወጣው 4004 የሚባለው ፕሮሰሰር 2,300 ትራንዚስተሮች ይዞ በ16 እግር ይቆም ነበር፤ ግራና ቀኝ ስምንት ስምንት። በ1978 የመጣው 8086 እግሩን 40 አደረሰ። ሥራ ሲበዛ እግርም በዛ፤ ጎንና ጎኑ አልበቃ ሲል ከሆዱ ሥር ይደረደር ጀመር። የ1989ኙ 486 እግሩ 168 ነው። ይህን ሁሉ በጉልበት መጫን አደጋ ስለነበረው፣ ማንሻ ያለው ሶኬት መጣ፤ ማንሻውን ቀና፣ ፕሮሰሰሩን ቁጭ፣ ማንሻውን መለስ።

ለእንደኛ ዓይነቱ ደጉ ዘመን የሶኬት 7 ዘመን ነው። የኢንቴልም፣ የኤኤምዲም፣ የሳይሪክስም ፕሮሰሰር እዚያው ሶኬት ላይ ይቀመጥ ነበር። በ1997 ፔንቲየም 2 እንደ ካሴት በቁሙ የሚሰካ ሆኖ ብቅ አለ። ምክንያት አልታጣም፤ ፈጣኑ ማስታወሻው ለብቻው በሌላ ቺፕ ላይ ስለነበር ሁለቱን ባንድ ሰሌዳ ማስቀመጥ አስፈልጎ ነው። ግን ተፎካካሪዎቹም በዚያው ደጅ ቀሩ። ማስታወሻው ፕሮሰሰሩ ውስጥ ሲገባ ካሴቱ ቀረና ወደ ሶኬት ተመለስን። በ2000 የወጣው ሶኬት 423 ደግሞ ዓመት ሳይሞላው 478 ተተካበት።

በ2004 እግሮቹ ጭራሽ ከፕሮሰሰሩ ተነስተው ማዘርቦርዱ ላይ በቀሉ። ብዙ መገናኛ በጠባብ ቦታ ለማስፈር ይመቻል፤ እሺ። የተጣመመ የፕሮሰሰር እግር ግን የኛ ልጆች በምላጭ ያቃኑታል። ማዘርቦርዱ ላይ ያለው ፀጉር የሚያህል ሽቦ ሲጣመም አብዛኛውን ጊዜ የሚጣለው ማዘርቦርዱ ነው። ኤኤምዲ በተራ ዴስክቶፖቹ እግሩን እስከ 2022 ይዞ መቆየቱን ስሰማ፣ ዘመድ የበረታልኝ ያህል ደስ ብሎኛል።

ጠጋኙ መሳቢያውን ሳበ። ከሞቱ ማሽኖች የተነቀሉ ፕሮሰሰሮች እንደ አሮጌ ሳንቲም ተከማችተዋል። ባለ 478 አንድ መረጠ፤ የኔ 1.8 ጊጋኸርዝ ነበር፣ ይሄኛው 2.6። ሁለት የጎበጡ እግሮቹን በምላጭ ጫፍ ቀና ቀና አደረገና ሰካው። ሠራ። በክፍያው ፈንታ ያን እግር አልባውን ሰጠሁት፤ “አንድ ቀን ቤቱ ይመጣል” ብሎ መሳቢያው ውስጥ ወረወረው።