የቦረና የዘመን አቆጣጠር

በደቡብ ኢትዮጵያና በሰሜን ኬንያ የሚኖሩ የቦረና ኦሮሞዎች ጨረቃንና ከዋክብትን አጣምረው ጊዜ የሚቆጥሩበት ሥርዓት። ዓመቱ 12 ወራትና 354 ቀናት ገደማ አለው። ሳምንት የለውም፤ በምትኩ 27 የቀን ስሞች ተራ በተራ ይዞራሉ። ወሩ 29 ወይም 30 ቀን ስለሆነ ስሞቹ ቀድመው ያልቃሉ፤ ወር የተጀመረበት ስም በ28ኛው ቀን ተመልሶ ይመጣል፣ ቀጣዩ ወርም በሌላ ስም ይገባል። ረቂቅነቱ እዚህ ላይ ነው።

ባለሙያው አያንቱ ይባላል። የሚያገላብጠው መጽሐፍ የለም፤ ሌሊት ቀና ብሎ ጨረቃ ከየትኛው ኮከብ ጎን እንደቆመች ያያል። ሰባቱ ከዋክብትና ኦሪዮን ከምልክቶቹ መካከል ናቸው።

አስመሮም ለገሰ በ1973 እ.ኤ.አ. «ገዳ» በተሰኘው መጽሐፋቸው ካስተዋወቁት ወዲህ የሥነ ፈለክ ሰዎች ሲከራከሩበት ኖረዋል። ጥያቄው ተገቢ ነው፦ 354 ቀን ከከዋክብቱ ዓመት በ11 ቀን ያህል ስለሚያንስ፣ ማስተካከያ ካልተደረገ ወሩና ኮከቡ በጥቂት ዓመታት ውስጥ ይተላለፋሉ። የሂጅራ አቆጣጠር ግን ከኮከብ ጋር ስላልታሰረ ይህ አያስጨንቀውም፤ ረመዳን በየዓመቱ እየቀደመ በበጋም በክረምትም ይውላል።